የአያቴን ሙሾ መድረክ ላይ ላሰማ ወይስ ልተው? (ከመልስ 1 እስከ 24 የተባለው)

ይህን የውይይት ክር የከፈትኩት እኔ ነኝ። መልሱ 24 ደርሷል፤ አዲስ የሚገቡ ሰዎችም ከላይ የተባለውን ሳያዩ ያንኑ ጥያቄ መልሰው እያነሱ ነው። ስለዚህ ሁሉንም በራሴ አነጋገር በተራ ላስቀምጠው። የማንንም ቃል እንዳለ አልገለበጥኩም። ያዛባሁት ነገር ካለ ባለቤቱ ያርመኝ።

መጀመሪያ የጠየቅኩት እንዲህ ነበር። ክራር እደረድራለሁ፣ አዜማለሁ፣ በሰውነቴ እንቅስቃሴ ታሪክ እናገራለሁ፤ የምሠራውም ሦስቱን ባንድ ላይ አጣምሬ ነው። አሁን በእጄ ያለው ሥራ 40 ደቂቃ ይፈጃል። መካከሉ ላይ የአያቴ ድምፅ ከካሴት ይሰማል። አያቴ የደሴ ሰው ነበረች። በ1970 ዓ.ም. የበኩር ልጇን፣ አጎቴን፣ ማታ ከቤት ወሰዱት። አስከሬኑን አልሰጧትም፤ እንዳታለቅስም ከለከሏት። ድንኳን ሳይጣል፣ እድር ሳይጠራ፣ እርሟን ሳታወጣ 14 ዓመት ኖረች። ደርግ ከወደቀ በኋላ በ1984 ዓ.ም. አንድ ቀን ከሰዓት ሴት ልጆቿን ሰበሰበች፣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለበሰች፣ ሙሾ አወረደች። ታላቋ አክስቴ በካሴት ቀዳችው። 22 ደቂቃ ነው።

እኔ ያኔ አልተወለድኩም። አጎቴን የማውቀው በዚያ ድምፅ ብቻ ነው። ከሙሾው ሁለት ስንኝ በመጀመሪያው ጽሑፌ ላይ አስፍሬ ነበር፤

ከደጅ ቆሜያለሁ፣ በሩን ማን ይክፈተው፣
ቁልፉን ይዞ ሄደ ቤቱን የሠራው ሰው።

ሥራውን ለጥቂት ሰዎች ካሳየሁ በኋላ የማከብረው አንድ ባለሙያ፣ ይህ ሙዚቃም ቴአትርም አይደለም፣ አንዱን ምረጪ አለኝ። አንዲት ዘመዴ ደግሞ ሳትሰናበተኝ ወጥታ ሄደች። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ አጣሁ። የሞተችን ሴት ለቅሶ ለማያውቋት ሰዎች ማሰማት ይገባኛል ወይ ብዬ ጠየቅኩ። የ30 ሰከንድ ቅንጭብም አያያዝኩ፤ ሙሾው በትዝታ ቅኝት ነው ብዬም ጻፍኩ።

የመጀመሪያውን መልስ የሰጡኝ አንድ አባት ናቸው። ልጄ ብለው ጀምረው፣ በእሳቸው አገር ሰው ሳይሞት ሙሾ ማሰማት ሟርት እንደሆነ፣ ለቅሶ ቦታና ቀን እንዳለው፣ ከለቅሶ ቤት ውጭ የወጣ ሙሾ ሌላ ሞት እንደሚጠራ አስረዱኝ። ተዪው፣ ለራስሽ አስቀምጪው ነው ምክራቸው። አነጋገራቸው እንደ ገዛ አያቴ ነበር፤ ክሩን ያን ማታ ልዘጋው ሁሉ አስቤ ነበር። መልስ 2 አንድ መስመር ብቻ ነው፤ ካሴቱን የቀዳችው አክስትሽ ፈቅዳለች ወይ ይላል። ያን ጊዜ አልፌው ሄድኩ። አሁን ሳየው ከሁሉ በፊት መመለስ የነበረበት እሱ ነው።

መልስ 3 በቴአትር ሙያ ላይ ያለ ሰው ነው። ባለሙያው ካለኝ ጋር ተስማማ። ሙዚቃውንም፣ ውዝዋዜውንም፣ ንግግሩንም፣ ካሴቱንም አንድ ላይ መክተት ከውጭ የመጣ ፋሽን ነው፣ አንዱን ሙያ ጠንቅቆ ያልያዘ ሰው መሸሸጊያ ነው አለ። መልስ 4 በዚህ ላይ ረጅም ጻፈ፤ እኔም ከዚህ ክር ብዙ ካተረፍኩባቸው አንዱ ይህ ነው። አዝማሪ ምንድን ነው ብሎ ይጠይቃል። ግጥሙን እዚያው ይገጥማል፣ ማሲንቆውን ይገዘግዛል፣ በትከሻው ይወዛወዛል፣ የተቀመጠውን ሰው እያየ በሰምና ወርቅ ይነካካዋል፤ የትኛውን ሙያ ምረጥ ልንለው ነው? ወደ ቤተ ክርስቲያንም ወሰደን። አቋቋም የተማረ መርጌታ ዜማውን፣ ጽናጽሉን፣ የመቋሚያውን ዝማሜ፣ የከበሮውን ምት ለያይቶ አያውቀውም። ከዚያ አስናቀች ወርቁን አነሳ። የሴት ገጸ ባሕርይ ወንዶች በሚጫወቱበት ዘመን መድረክ ላይ ደፍረው ከወጡት ሴቶች አንዷ እሷ ናት፤ ተዋናይት፣ ድምፃዊት፣ ክራር ደርዳሪ፣ ተወዛዋዥ። ማንም አንዱን ያዢ አላላትም፣ ቢላትም አልሰማችም ብሎ ጨረሰ። ያረፈችበትን ዓመት 2003 ብሎ ጽፎ ስለነበር መልስ 5 መስከረም 2004 ዓ.ም. መሆኑን አረመው። 4ኛውም አመሰገነ።

እስከዚህ ድረስ ሁሉም በጨዋነት ነበር።

መልስ 6 ማሲንቆ ይጫወታል። ቅንጭቡን ሰምቶ፣ ሙሾው በትዝታ ነው ያልሽው ስህተት ነው አለኝ። ከመነሻው ድምፅ ቀጥሎ ያለው እርከን በግማሽ ድምፅ ብቻ ነው የሚርቀው፤ በትዝታ ግን ሙሉ ድምፅ ይርቃል፤ ስለዚህ አምባሰል ወደሚባለው ሌላ ቅኝት ይሄዳል። ክራሬን አንስቼ ሞከርኩት። በትዝታ የተቃኘውን ክራር ወደ አምባሰል ለማምጣት ሦስት ክር መንካት ነበረብኝ፤ ሁለቱን አላላሁ፣ አንዷን ወጠርኩ። ከዚያ ካሴቱን ከፍቼ ከአያቴ ድምፅ ጋር ስደረድር ክራሩ ገባላት። ሁለት ዓመት ሙሉ ከእሷ ጋር ስጣላ ነው የኖርኩት፤ ድምፅዋ የሚሸሸኝ ለቅሶ ስለሆነ ይመስለኝ ነበር። መልስ 6ን እዚህም ላይ ደግሜ አመሰግናለሁ።

መልስ 7 ግን አልተቀበለውም። ትዝታ ሁለት ዓይነት ነው፣ ግማሽ ድምፅ ያለበትም አለ አለ። 6ኛው በመልስ 8 ተመልሶ፣ በዚያኛውም ትዝታ ቢሆን ከመነሻው ቀጥሎ ያለው ሙሉ ድምፅ ነው፣ ግማሹ የሚመጣው ከሁለተኛው እርከን በኋላ ነው ብሎ አስረዳ። ልክ ነው። 7ኛው በዚህ ተናደደና፣ ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰል፣ አንቺሆዬ ሁሉም የዘፈን ስሞች እንደሆኑ፣ ልጇን የተነጠቀች እናት እርከን ቆጥራ እንደማታለቅስ፣ በሰው ሐዘን ላይ ሚዛን ይዞ መቆም ነውር እንደሆነ ጻፈ። ሐሳቡ ከልብ ነው። ቢሆንም ቅኝቱን ማወቄ ሐዘኗን አላቀለለብኝም፤ እንዲያውም አጠገቧ እንድቀመጥ አደረገኝ። የተወለደችበት ደግሞ አምባሰል ወረዳ ነው፤ ልጅ ሆና የሰማችው ዜማ አፏ ላይ ቢመጣ ምን ይገርማል?

መልስ 9 እና 10 ስለ ክራር ክር ነው፤ ጅማት ይሻላል ወይስ ናይለን። ክራር ለሚደረድር ሰው ጠቃሚ ስለሆነ ገብታችሁ አንብቡት። እኔ ናይለን ነው የምጠቀመው።

ከዚያ መልስ 11 መጣ። ይህን ለመድገም ይከብደኛል፤ ግን ልዝለለው ብል ክሩ አይገባችሁም። ጸሐፊዋ የአያትሽን እንባ ለገበያ አወጣሽው አለችኝ። እንዲህ ያለ ሥራ የሚታየው በውጭ ገንዘብ በሚደገፍ አዳራሽ ነው፣ የሚያየውም ሐዘናችንን እንደ ሙዚየም ዕቃ የሚያይ ሰው ነው፣ አንቺም ያላየሽውን ዘመን ለብሰሽ ማንነት ትሠሪበታለሽ ብላ ጻፈች። በስድብ ቢሆን ኖሮ አልፈው ነበር። ነገሩ ግን ተቆጥቶ የተጻፈ እውነት ነበረበት። ያንን ነጠላ አዘቅዝቄ ስለብስ ከመስተዋት ፊት ቆሜ የታየኝን አውቃለሁና። መልስ 12 እኔን ለመከላከል ብሎ እሷን በጣም ክፉ ቃል ተናገራት፤ መልስ 13ን አስተባባሪዎቹ አጠፉት። እኔን ለመርዳት ብላችሁ ሰው አትስደቡ፤ ያን ቀንም ብያለሁ፣ አሁንም እላለሁ።

መልስ 14 ሁለት ቀን ዘግይቶ ገባ። ጸሐፊዋ አንዲት እናት ናቸው፤ በ1970 ዓ.ም. ወንድማቸውን ያጡት አዲስ አበባ ነው። የጻፉትን ሁሉ እዚህ ልከተው አልችልም፤ ራሳችሁ አንብቡት። እንዲህ ነው ነገሩ። አስከሬን የተሰጣቸው ቤተሰቦች የጥይት ዋጋ ይጠየቁ እንደነበር፣ በር ላይ ሰው ተሰብስቦ ከታየ የቤቱ ሰው ሁሉ እንደሚጠረጠር አስታወሱ። እናታቸው ማልቀስ ሲያምራቸው ሽንኩርት መክተፍ ይጀምሩ ነበር። የሚበላው ሰው ጥቂት ሆኖ ሳለ ሽንኩርቱ ግን በየቀኑ ይከተፋል። ልጅ ሆነው ነገሩ አልገባቸውም፤ ቤታችን ለምን ወጥ በዛ ይሉ ነበር። እናታቸው እንዲሁ እንደከተፉ ዐረፉ። መስቀል አደባባይ ያለው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም በ2002 ዓ.ም. ሲከፈት ሄደው በግድግዳው ላይ ከተደረደሩት ፎቶዎች መካከል የወንድማቸውን ፈልገው አጡት። ከጅምላ መቃብር የወጡትን ልብሶች ግን በመስታወቱ ውስጥ አዩ፤ አንዱን ሹራብ የሱ ይሁን አይሁን ሳያረጋግጡ ረጅም ጊዜ ቆሙ። ለእኔ የነገሩኝ በመጨረሻ ነው። የእናታቸውን ድምፅ የቀዳ ማንም የለም፣ የአያትሽ ካለ አሰሚው፣ እኔ ግን አልመጣም፣ አልችለውም አሉ።

ከዚህ በኋላ የክሩ ሰው ለአንድ ቀን ያህል ዝም አለ። ዝምታውን የሰበሩት መልስ 1ን የጻፉት አባት ናቸው፤ መልስ 15 የሳቸው ነው። መጀመሪያ የተናገሩት ትክክል ቢሆንም ለዚህ ነገር እንደማይሆን አሰቡበት። ሟርት የሚባለው ሳይሞት ሲለቀስ ነው፤ ሞቶ ያልተለቀሰለት ግን ዕዳ ነው፣ እርሙ ያልወጣ ሰው ቤት ውስጥ ይኖራል አሉ። የስንኙንም ወርቅ ያወጡልኝ እሳቸው ናቸው። እኔ ቤቱን የሠራው የሚለውን አጎቴ ቤት ሠርቶ ነበር ማለት መስሎኝ ነበር፤ እሱ ግን ሲወሰድ ገና ተማሪ ነበር። ሴትን እናት የሚያደርጋት የበኩር ልጅ ነው፤ ቤት ቤት የሚሆነው እሱ ሲወለድ ነው፤ ስለዚህ ቤቱን የሠራው ልጁ ነው፣ ደጅ የቀረችውም እሷ ራሷ ናት። ይህን ካነበብኩ በኋላ ያንን ስንኝ መድረክ ላይ የምቆምበትን ቦታ ቀየርኩ። በፊት መሐል ላይ እቆም ነበር፤ አሁን በጎን፣ መግቢያው ላይ ነኝ።

መልስ 16 ማን ማንን ገደለ ወደሚል ክርክር ገባ። ለሌላ ክር ይሆናል፤ እዚህ አልደግመውም።

መልስ 17 ውጭ አገር ያደገ ወጣት ነው። አማርኛው ጥቂት ነው፣ ግን ደፍሮ በአማርኛ ጻፈ። ቅንጭቡን አምስት ጊዜ ሰምቶ ቃሉ አንድም አልገባውም፤ የገባው ትንፋሹ ነው። የእሱም አያት በስልክ ስታወራው እንዲሁ ነው የምትሰማው። ከዚያ ሁለት ሴቶችን አነሳ። አንዷ አዲስ አበባ ተወልዳ አሜሪካ ያደገችው ድምፃዊት መክሊት ሀደሮ ናት፤ ከግብፃዊው ሚና ግርግስ ጋር ሆና የአባይ ተፋሰስ አገሮችን ሙዚቀኞች አንድ መድረክ ላይ ያገናኘውን የናይል ፕሮጀክት መሥርታለች። ሁለተኛዋ ፒያኖ ተጫዋቿ መነኩሲት እማሆይ ጽጌማርያም ገብሩ ናቸው። እማሆይ ሙዚቃ የጀመሩት ኢየሩሳሌም ገዳም ከገቡ በኋላ ነው ብሎ ስለነበር መልስ 18 በትሕትና አረመው። በ1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ተወልደው በልጅነታቸው ስዊዘርላንድ ነው ቫዮሊን የተማሩት፤ በጣልያን ወረራ ጊዜ ከቤተሰባቸው ጋር ወደ አሲናራ ደሴት ተግዘዋል፤ የመነኮሱት ግሸን ማርያም ነው፤ ኢየሩሳሌም የኋላ ኋላ ነው፣ ያረፉትም እዚያው በ2015 ዓ.ም.። 18ኛው አንድ ነገር ጨመረበት፤ ፒያኗቸውን የሚሰማ ሰው ይህ የፈረንጅ ነው፣ ይህ የያሬድ ነው እያለ ሊከፍለው ቢሞክር አይችልም፣ የእሳቸው ዕድሜ ነው የሚሰማው። ለመልስ 3 የተሰጠ ሁለተኛ መልስ አድርጌ ወሰድኩት፤ 3ኛው ግን ዝም አለ።

መልስ 19 የድምፅ ቴክኒሻን ነው። ካሴቱን በየልምምዱ የማጫውተው መሆኔን ሲያይ ደነገጠ። አንድ ጊዜ በደንብ አጽድተሽ ቅጂ፣ ከዚያ ዋናውን አትንኪው አለ። የቴፑን ሄድ፣ ማለት ድምፁን ከካሴቱ የሚያነበውን ክፍል፣ በአልኮል በተነከረ ጥጥ መጥረግ፣ ካሴቱ ውስጥ ያለችው የስፖንጅ መጫኛ ወልቃ እንደሆነ ማየት፣ ሄዱ ያዘመመ ከሆነ በጎኑ ያለችውን ብሎን በጥቂቱ እያዞሩ ድምፁ እስኪጠራ ማስተካከል፣ ወደ ኮምፒውተር ሲገባ ደግሞ ባልታመቀ ፋይል ማስቀመጥ፤ ኤምፒ3 አይሆንም። ሁሉንም አደረግኩ። ብሎኗን ሩብ ዙር ሳዞራት ከአያቴ ድምፅ ኋላ የልጆች ጫጫታና የጋሪ ኮቴ ወጣ። ከዚያ በፊት ሹሹታ ብቻ ነበር።

አዲሱን ቅጂ ላክሁለትና ሁለት ነገር ጠየቀኝ። የመንገዱ ድምፅ እንዲህ ቀርቦ የሚሰማው ለምንድን ነው፣ ደጅ ነው እንዴ የተቀዳው? ሁለተኛ፣ በ22ኛው ደቂቃ ቁልፍ ሲጫን ቋ ይላል፣ ከዚያ ወዲያው የሰርግ ዘፈን ከመሐሉ ይጀምራል፤ ይህስ ምንድን ነው? እኔ ያንን ዘፈን ሁልጊዜ እቆርጠው ነበር። አሮጌ ካሴት ላይ ነው የቀዱት፣ የድሮው ቀርቶ ነው ብዬ። መልስ 20፣ የመልስ 2 ጸሐፊ፣ አንድ መስመር ብቻ ጻፈች። ካሴቱ የማን ነበር?

አክስቴ ደሴ ናት። ያን ማታ ደወልኩላት። እኔ የጻፍኩት መልስ 21 ከሷ የሰማሁት ነው። ካሴቱ የአጎቴ ነው። ከሬዲዮ እየጠበቀ የሚወዳቸውን ዘፈኖች የሚቀዳበት የ60 ደቂቃ ካሴት ነበረው፤ እሱ ከተወሰደ በኋላ አያቴ ከዱቄት ዕቃ ውስጥ ደብቃ አቆየችው። የለቅሶው ቀን ሌላ ካሴት ገዝተን እንምጣ ሲሏት እምቢ አለች፤ በሱ ላይ ይሁን አለች። የቀዱትም ቤት ውስጥ ነው። ግን ልትጀምር ስትል በሩንና መስኮቱን ሁሉ ክፈቱ አለቻቸው፤ ዝግ ቤት ውስጥ 14 ዓመት ሆኖኛልና። ጎረቤት ሰምቶ መጣ፣ እየገባ ተቀመጠ። በካሴቱ መጨረሻ አካባቢ የሚሰማው ሁለተኛ ድምፅ፣ እኔ የሌላኛዋ አክስቴ የመሰለኝ፣ ስማቸውን እንኳ የማናውቃቸው መንገደኛ ሴት ናቸው። 22 ደቂቃ ሲሆን አያቴ እጇን አነሳች። ይብቃ፣ የቀረውን ዘፈኑን አታጥፉበት አለች። አክስቴም ቁልፉን ተጫነችው።

ፈቃዱንም ጠየቅኳት። ትንሽ ዝም ብላ፣ ያኔ በሩን ያስከፈተችን ለምን መሰለሽ አለችኝ።

መልስ 22 መልስ 11ን የጻፈችው እህት ናት። ያለችውን አላነሳችም፣ እኔም እንድታነሳው አልጠብቅም። አክስትሽ አዳራሹ ውስጥ ትገኛለች ወይ ብላ ጠየቀች። ትገኛለች። መጀመሪያ የሚታየውም ደሴ ላይ እንዲሆን እየሞከርኩ ነው፤ የአዳራሽ ገንዘብ ገና አልሞላልኝም። መልስ 23 አባታችን ናቸው፤ ሰው እንዳያጨበጭብ አስቀድመሽ ንገሪ አሉ፣ ከለቅሶ ቤት ሰው ሲወጣ አያጨበጭብምና፤ እግዚአብሔር ያጥናሽ ብሎ ይሄዳል።

መልስ 24 ትናንት ማታ ገባ። የቴአትር ሰውየው ነው፣ መልስ 3። ስለ ፋሽን ምንም አላነሳም። ቋ ካለ በኋላ ዘፈኑ ሲቀጥል እጅሽን ምን ታደርጊዋለሽ ብሎ ጠየቀኝ። ይህን የሚጠይቅ መድረክ የሚያውቅ ሰው ነው፤ ዛሬ ጠዋትም ስለማመደው ዋልኩ። ማጨብጨብ ሞከርኩ፣ ሐሰት ሆነ። መወዛወዝ ሞከርኩ፣ ትከሻዬ እምቢ አለ። አሁን ያገኘሁት ይህን ነው። ክራሩን በፊቱ ደፍቼ መሬት አስቀምጠዋለሁ፣ የተዘቀዘቀውን ነጠላ ፈትቼ እንደ ደህና ቀን እለብሰዋለሁ፣ በሩ አጠገብ ቁጭ ብዬ እጆቼን ጉልበቴ ላይ አድርጌ አዳምጣለሁ። ካሴቱ ጎኑ እስኪያልቅ 8 ደቂቃ ይቀረዋል፤ በመሐሉ የሬዲዮው አስተዋዋቂ አንድ ጊዜ ይናገራል፣ ከዚያ ሌላ ዘፈን ይመጣል። ሥራው 48 ደቂቃ ይሆናል። የአዳራሹን በር ደግሞ ክፍት እንዲተዉልኝ ጠይቄያለሁ።